ብርቄ ዱብሉቅ ላይ ከብት የጠራች ዕለት

ባለፈው ሳምንት ነገሌ፣ ከመናኸሪያው ፊት ለፊት ካለው ሻይ ቤት ተቀምጬ ሻይ በወተት እጠጣ ነበር። ከጎኔ የባጃጅ ልጆች ስለ ነዳጅ ወረፋ ይነታረካሉ፤ ቴሌቪዥኑ ደግሞ እንደ ልማዱ ማንም ሳይሰማው ብቻውን ያወራል። ድንገት ቀና ስል ቴሌቪዥኑ ላይ አንድ ሽማግሌ ካባ ደርበውለት፣ አበባ አስታቅፈውት፣ «የቆላው መድረክ አባት» እያሉ ያሞጋግሱታል። ፀጉሩ ነጥቷል፣ ጉንጩ ወርዷል፤ ድምፁን ግን አልሳትኩትም። ጓድ ሥዩም ነው፣ የጥንት አለቃዬ። ጓድነቱ ቀርቶ አሁን «ጋሽ ሥዩም» ሆኗል። ጠያቂዋ ልጅ «ያንን ከብት ያጀበውን ትርዒት እንዴት አሰቡት?» አለችው። እሱም ዓይኑን ጨፈን፣ አገጩን ዳሰስ አደረገና «ጥበብ እኮ ከሕዝብ ነው የምትቀዳው» አላት።

ሻዩ በአፍንጫዬ ሊወጣ ምንም አልቀረው። አንዱ የባጃጅ ልጅ ጀርባዬን መታ መታ እያደረገ «ጋሽ ኑሬ፣ ትኩስ ነው እንዴ?» አለኝ።

«ትኩስ አይደለም ልጄ፣ የቆየ ነው» አልኩት። አልገባውም፤ ወደ ነዳጁ ተመለሰ።

እኔ ሰው መናቅ አልወድም። አባቴ፣ አላህ ይዘንለትና፣ እዚሁ ነገሌ ገበያ ስኳርና ጨርቅ ሲሸጥ የኖረ ሰው ነበር፤ «ሰው የናቀ ሚዛኑ ጎደለ» ይለን ነበር። በዚሁ አድጌ፣ መንገድ ላይ የሰደበኝን ሾፌር እንኳ መብራት አብርቼ ሰላም ብዬው ነው የማልፈው። ለአንድ ሰው ብቻ ግን አልሆነልኝም። በረመዳን ልተወው ሞክሬ አውቃለሁ፤ ፆሙ ሲፈታ ንቀቱም አብሮ ተመልሶ ይመጣል። ስለዚህ ነገሩን እንደነበረው ልጻፈው። ትምህርቴ አራተኛ ክፍል ላይ የቆመ ነው፤ ከዚያ በኋላ ያስተማረኝ የመኪና መሪና መንገድ ነው።

ነገሩ የሆነው በደርግ ዘመን፣ በሰባዎቹ መጀመሪያ ገደማ ነው። ያኔ ኪነት፣ የዘፈንና የድራማ ቡድን ማለቴ ነው፣ የሌለው ነገር አልነበረም። ቀበሌው ኪነት፣ ጦሩ ኪነት፤ ወፍጮ ቤቱም ሊያቋቁም ነው እየተባለ ይቀለድ ነበር። እኔ የነገሌው ኪነት ሾፌር ነበርኩ። መኪናው የአጎቴ ኤንትሬ፣ የድሮ የጭነት መኪና ነው፤ «ለአብዮታዊ ግዳጅ» ተብሎ ሲወሰድ እኔም እንደ መለዋወጫ ዕቃ አብሬው ተወሰድኩ። መድረኩም ያው መኪናው ነው። የጎኑን ሳንቃ ዘርግፈን እናወርድና፣ ሸራውን መጋረጃ አድርገን፣ ቀይ ጨርቅ እንወጥርበታለን። ጄነሬተሩንና ድምፅ ማጉያውን የማስነሣውም እኔው ነበርኩ።

ያንን ኪነት ኪነት ያደረገችው አንዲት ሴት ነች። ብርቄ ትባላለች። አባቷ ከጎጃም ተመድቦ መጥቶ ጦር ሰፈሩ አጠገብ የቀረ አሥር አለቃ፣ እናቷ የዱብሉቅ ቦረና። አማርኛውንም ኦሮምኛውንም እኩል ጠጥታ ነው ያደገችው፤ ስትቆጣ በአንዱ ጀምራ በሌላው ትጨርሳለች። ልጅ ሳለች በየበጋው እናቷ ዱብሉቅ፣ ወንድሟ ዘንድ ትወስዳት ነበር። ዱብሉቅ ኤላዎቹ አሉ፤ ጥልቅ የውሃ ጉድጓዶች ማለቴ ነው። በድርቅ ወራት የአገሩ ከብት ሁሉ እዚያ ይሰበሰባል። ሰዎች ከጉድጓዱ ሥር እስከ አፉ አንዱ ከአንዱ በላይ ቆመው፣ ባልዲ ከእጅ ወደ እጅ እየተቀባበሉ ውሃ ያወጣሉ። ሲያወጡ ይዘፍናሉ። ዘፈኑ ለጨዋታ አይደለም። ክንዱን ይዞ የሚያሠራው እሱ ነው፤ ከብቱንም ወደ ገንዳው የሚጠራው እሱ ነው። ከብቱ ያንን ዜማ ሲሰማ ውሃ ደረሰ ማለት እንደሆነ ያውቃል። ብርቄ ድምፅዋን ያገኘችው እዚያ ነው።

ገና ልጃገረድ ሳለች የቀበሌው ሰዎች መዝሙር ስታስጀምር ሰምተው ወሰዷት። ከቀበሌ ወደ አውራጃ፣ ከአውራጃ ወደ ጦሩ በዓል ተሻገረች፤ ነገሌ ውስጥ ስሟን የማያውቅ ወታደር አልነበረም። ድራማም ትሠራ ነበር። ጓድ ሥዩም፣ የኪነቱ ኃላፊ ማለት ነው፣ በሚጽፋቸው ድራማዎች ውስጥ ለሴት የሚደርሳት አንድ ቃል ብቻ ነው፤ «ወየው ልጄ!» ባላባቱ ይገርፋል፣ ጭሰኛው ይወድቃል፣ ሴቲቱ «ወየው ልጄ!» ትላለች፣ ባላባቱ ይሸነፋል፣ መዝሙር። ሁሉም ድራማ ይኸው ነው፤ የሚለወጠው የባላባቱ ባርኔጣ ነው። ብርቄ ግን ያቺን አንዲት ቃል በየከተማው አዲስ አድርጋ ታወጣት ነበር። ሻኪሶ ላይ ስትላት ወርቅ ቆፋሪዎቹ ጭቃቸውን ሳያራግፉ ቆመው አለቀሱ። ክብረ መንግሥት ላይ በሹክሹክታ አለቻት፤ ከኋላ ረድፍ አንድ ወታደር «እኔ አለሁልሽ እማዬ!» ብሎ ብድግ አለና ሳቅና ልቅሶ አንድ ላይ ሆነ። ጓድ ሥዩም ከትርዒቱ በኋላ ጠርቶ «ጽሑፉ ላይ በጩኸት ነው የተባለው፤ ከጽሑፉ ለምን ትወጫለሽ?» ብሎ ገሠጻት።

ይህን ሰው ትንሽ ልግለጸው። ካኪ ሱፍ ይለብሳል፣ ጥቁር መነጽር ያደርጋል፣ ደረቱ ኪስ ላይ ሁለት እስክሪብቶ ይሰካል። ልምምድ ላይ በአንዱ እስክሪብቶ ጠረጴዛ እየመታ ምት ይይዛል፤ ከበሮው አንድ መንገድ ሲሄድ የሱ እስክሪብቶ በሌላ ይሄዳል። ከበሮ መቺው ምስኪን ዓይኑን ጨፍኖ ነበር የሚመታው፣ የጓድ ሥዩምን እጅ እንዳያይ። ብርቄ የምታመጣቸውን ዜማዎች ሁሉ መድረክ ላይ ሲያስተዋውቅ «ግጥምና ዜማ፣ ጓድ ሥዩም!» ይላል። ሦስት ዓመት እኛ አገር ኖሮ ሰላምታ አልለመደም። ቦረና በሰላምታ አይቸኩልም፤ ስለ ልጁ፣ ስለ ከብቱ፣ ስለ ዝናቡ ተጠያይቆ ነው ወደ ነገሩ የሚገባው። ጓድ ሥዩም «አካም» ይልና ሰውየው «ናጋ»፣ ደህና፣ እስኪለው ድረስ አልፎት ሄዷል። ሽማግሌዎቹ ለብቻዬ ሲያገኙኝ «ያ ሰው ሆዱን ያመዋል እንዴ?» ብለው ይጠይቁኝ ነበር።

ብርቄ አንድ ነገር ትመኝ ነበር። ጋቢና አጠገቤ ተቀምጣ ከሻኪሶ ስንመለስ ነው የነገረችኝ።

«ኑሬ» አለችኝ፣ «ጣሪያና ግድግዳ ያለው መድረክ ላይ ዘፍኜ አላውቅም እኮ።»

«ግድግዳ ምን ያደርግልሻል?»

«ሜዳ ላይ ድምፄ ይሄድና አይመለስም፤ ነፋሱ ይበላዋል። ከልጅነቴ ጉድጓድ ወዲህ ድምፄን ሰምቼው አላውቅም። ደህና ነኝ ወይስ ወታደሩ ሥራ ፈትቶ ነው የሚያጨበጭብልኝ?»

«ደህና ነሽ» አልኳት።

«አንተ የምትሰማው ሞተር ነው» አለችና ሳቀች።

አዲስ አበባ ካለ አንድ ትልቅ ቴያትር ቤት እንደሚወስዷት ጓድ ሥዩም በየጊዜው ቃል ይገባላት ነበር። ሁልጊዜ ግን «የሚቀጥለው ዙር» ነው። እሷ ከሄደች የሱ ድራማ «ወየው ልጄ!»ን የሚላት እንደማያገኝ እኛ ሁላችን እናውቅ ነበር። በመጨረሻ ነገሩ ከእጁ ወጣ። ከአዲስ አበባ አንድ ባለሥልጣን የቆላ ከተሞችን ሊጎበኝ ይመጣል፣ ዱብሉቅ ላይ ኪነቱን ያያል፣ ለዚያ ቴያትር ቤት አንዲት ሴት መርጦ በራሱ መኪና ይዟት ይመለሳል ተባለ። ብርቄ ያን ሰሞን ሳቅዋ ሁሉ ተለወጠ።

የተነሣነው ቦረና ቦና በሚለው በረጅሙ በጋ መጨረሻ ላይ ነው። ሰማዩ ነጭ ሆኖ፣ ግራሩ ቅጠሉን ጥሎ፣ ከመንገዱ ግራና ቀኝ ከሰው ቁመት በላይ የሚረዝም ቀይ ኩይሳ ብቻ ቆሞ ይታያል። ዳዋ ወንዝ አሸዋው ውስጥ ገብቶ ተደብቋል። ዋጪሌ ላይ ከአንዲት ሶማሌ ሴት ቤት ሩዝ በፍየል ሥጋ፣ ሙዝ ከላዩ ተደርጎ በላን፤ እስከ ዛሬ የዚያ ሩዝ ሽታ ሲመጣብኝ አፌ ውኃ ይሞላል። ጓድ ሥዩም መነጽሩን አቧራ እንዳይነካው ጋቢናውን ስለያዘ፣ ብርቄ ከላይ ከከበሮዎቹ ጋር ነበረች። አሬሮ፣ ጥዱ መሐል ስንደርስ ነፋሱ ቀዝቀዝ ሲል መዝፈን ጀመረች። ጓድ ሥዩም ራሱን በመስኮት አውጥቶ «ድምፅሽን ቆጥቢ!» አላት። የሱ የሆነ ይመስል።

ዱብሉቅ ከሰዓት በኋላ ገባን። እንግዳው ነገ ነው የሚመጣው፤ ወንበሩ ላይ ሆኖ ኤላዎቹን እንዲያይ ተብሎ መኪናውን ከተዳፋቱ ማዶ ሜዳው ላይ አቆምኩ። ከጉድጓዶቹ በላይ ባለው ኮረብታ፣ የጉድጓዱ ዜማ አጥርቶ ከማይደርስበት፣ ከብቱ ተራውን ይጠብቃል። አጥንቱ ከቆዳው ሥር ይቆጠራል። በዚያ ወቅት ከብት በሦስት ቀን አንዴ ነው የሚጠጣው፤ ተራውን የሚያስጠብቅ ሽማግሌ አለ፣ ቃሉ አይታለፍም። ያን ዓመት ተራ አስጠባቂው የብርቄ የእናቷ ወንድም፣ አባ ዋሪዮ ነበሩ።

ከጉድጓዱ ዘፈኑ ይሰማል። ጓድ ሥዩም ቆሞ አዳመጠ፤ እስክሪብቶው እንኳ አልተንቀሳቀሰም።

«ይሄን ታውቂዋለሽ?» አላት ብርቄን።

«አውቀዋለሁ ጓድ።»

«ነገ ትዘፍኚዋለሽ።»

«እሱ መድረክ ላይ አይዘፈንም።»

«ለምን? አድኃሪ ይዘት አለው?»

«የለውም። ውሃ ከሌለ ግን አይዘፈንም።»

ጓድ ሥዩም ሳቀ። እሱ ስለሳቀ ሌሎቹም ሳቁ። «እኛ ድል እናደርጋለን እያልን ስንዘምር ድሉ ኪሳችን ውስጥ ነው እንዴ?»

«ከብቶቹ ይሰማሉ ጓድ። ውሃ ያልቀመሱ ናቸው።»

«ከብቱም ኪነት ያያል ልትዪኝ ነው!» አለና መነጽሩን ጠረገ። ከዚያ ድምፁን ዝቅ አድርጎ «ስሚ፣ እንግዳው እንዲህ ያለ ነገር አይቶ አያውቅም። ካልዘፈንሽ ሰናይት ትዘፍናለች፤ አንቺ ከበሮ ታቀብያለሽ» አላት።

ሰናይት ከኪነቱ ልጆች አንዷ ነች፤ እስክስታ ላይ አጥንት የላትም፤ ኦሮምኛዋ ግን «አካም» ላይ ያበቃል። ብርቄ አንዴ ወደ ኮረብታው፣ አንዴ ወደ መንገዱ አየች። በማግሥቱ ጠዋት መጥታ «ኑርዬ፣ ማጉያውን ዝቅ አድርግልኝ፤ ለወንበሮቹ ብቻ እንዲሰማ» አለችኝ። ዝቅ አደረግኩት። እንግዳው ደርሶ ሲቀመጥ ጓድ ሥዩም መጣና በገዛ እጁ እስከ መጨረሻው ከፈተው። «ሰፊው ሕዝብ ይስማ» አለ።

ንግግር ተደረገ። ባላባቱ ተሸነፈ። እንግዳው፣ ወፍራም፣ ደግ የሚመስል፣ አንገቱን በመሐረብ የሚያባብስ ሰው፣ ያዛጋ ነበር። ከዚያ ብርቄ ወጣች።

ብርቄ አስመስላ መዝፈን አታውቅም። ቢሆንላት ኖሮ ጓድ ሥዩም የሚወደው ዓይነት ዘፋኝ በሆነች፣ ማንም ከብትም ቀና ባላለ። መጀመሪያ ዝቅ አድርጋ ጀመረች፤ ከጉድጓድ ሥር የሚመጣ ይመስል ነበር። ከዚያ ከፍ፣ ከዚያ ከፍ እያደረገችው፣ ባልዲው አፉ ላይ ሲደርስ የሚጠራው ጥሪ ጋ ስትደርስ ዓይኗን ጨፈነች። ማዶ ጉድጓዱ ላይ ያሉት ሰዎች ዘፈናቸውን አቋረጡ፤ ባልዲ በእጃቸው እንደያዙ ድምፁ ከየት እንደመጣ ይፈልጋሉ። ኮረብታው ላይ ያለው ከብት ሁሉ በአንዴ ጆሮውን አቆመ።

መጀመሪያ ያየሁት አቧራውን ነው። እረኞቹ በትር ዘርግተው ፊታቸው ቆሙ፣ ጮኹ፤ ማን ይሰማቸዋል! ቀንዱ ሁሉ ወደኛ ወረደ። ወንበር ተገለበጠ፣ ጄነሬተሩ በጎኑ ወደቀ፣ ድምፅ ማጉያው ጮኾ ዝም አለ። እንግዳውን ጎትተን መኪናው ላይ አወጣነው። አንድ ቀይ በሬ በጠረጴዛው ላይ የነበረውን የክብር አበባ በላ፤ አንዲት ላም የእንግዳው ብርጭቆ ውስጥ አፍንጫዋን ከታ ሰበረችው። ጓድ ሥዩም ከሁላችን ቀድሞ፣ እንዴት እንደወጣ አላየሁትም፣ የጋቢናው ጣሪያ ላይ ነበር፤ በአንድ እግር ጫማ።

ከዚያ ሜዳው ጸጥ አለ። ከብቶቹ መኪናውን ከበው ቆሙ። አይራገጡም፣ አይዋጉም። ምላሳቸውን ወጣ ገባ እያደረጉ ሳንቃውን ያሸታሉ፤ ከመኪናው ሥር ጎንበስ ብለው ገንዳውን ይፈልጋሉ። ውሃውን እየጠበቁ ነው። ወደ ኋላ አንዲት ጊደር እግሯ ተሰብሮ መነሣት አቅቷታል።

ዝምታውን የሰበረው ጭብጨባ ነው። እንግዳው ነበር። ፊቱ በርቷል፣ ዕንባ ቢጤም ዓይኑ ላይ አለ። «ግሩም! እንዴት ያለ ነገር ነው! ጓድ ሥዩም፣ ከብቱን ስንት ጊዜ ብታለማምዱት ነው?»

ጓድ ሥዩም ከጣሪያው ላይ ሆኖ ሱሪውን አራገፈ። «አንድ ወር፣ ጓድ» አለ።

አንድ ወር። እኔ እዚያ ነበርኩ። ይህን ጆሮዬ ሰምቷል።

ብርቄ ከመድረኩ ወርዳ ከብቶቹ መሐል ቆማለች፤ የአንዷን ላም ግንባር በመዳፏ ይዛ ታለቅሳለች። አባ ዋሪዮ በከብቱ መሐል ቀስ እያሉ መጡ። እኔ ይጮኹባታል ብዬ ነበር። አልጮኹም።

«አካም፣ ብርቄ?» አሏት።

«ናጋ፣ አቡያ» አለች። አቡያ ማለት በነሱ አጎት ነው፣ በእናት በኩል።

«እናትሽ ናጋ?»

«ናጋ ነች።»

ከዚያ በኋላ ነው የጠየቋት። «ማነው የጠራቸው?»

«እኔ ነኝ።»

«ውሃው የታለ?»

«የለም፣ አቡያ።»

ሽማግሌው ድምፅ ማጉያውን አዩት፤ ጣሪያው ላይ ያለውንም ሰው አዩት። «ሰው አዞሽ ነው?»

«ሰው አዞኛል። ድምፁ ግን የኔ ነው።»

«እንግዲያው የጠራ ያጠጣል» አሉ። ፍርዱ ይኸው ነበር። ዞር ብለው የዕለቱ ባለ ተራ የሆኑትን ሰዎች አነጋገሩ። ሰዎቹ ጥቂት አንገራገሩ፤ በመጨረሻ እነዚህ የተጠሩት ይቅደሙ፣ እኛ እናመሻለን አሉ። ከብታቸው እንደ ሌላው የደረቀ ነበር።

ይኼ ሁሉ በኦሮምኛ ስለሆነ እንግዳው አልተከታተለውም። ሰዓቱን አየ። መንገዱ ስለሚያሰጋ ሳይመሽ ያቤሎ መግባት አለበት። «በሉ፣ ይቺ ልጅ ተመርጣለች» አለ። «ዕቃዋን ይዛ ትግባ። እንሄዳለን።»

ብርቄ ፊቷን በነጠላዋ ጠረገች። «ጌታዬ፣ እስኪመሽ ይጠብቁኝ። ካልሆነም ያቤሎ ጠዋት እደርስልዎታለሁ፤ ኑሬ ያደርሰኛል። ከብቶቹ ይጠጡና።»

«ከብቶቹማ ድርሻቸውን ጨረሱ!» አለ እንግዳው እየሳቀ። እውነቱን ነው፤ ተንኮል የለበትም። እሱ ያየው ከብት ተጫውቶ የሚወጣ ከብት ነው። «እኔ ደግሞ ጠዋት ያቤሎ አልገኝም፤ በሌሊት ነው የምነሣው።»

ጓድ ሥዩም ከጣሪያው ወርዶ ክንዷን ያዘ። «አብደሻል? ሀገር አቀፍ መድረክ እኮ ነው! ለላም ብለሽ?»

«የጠራኋቸው እኔ ነኝ» አለችው።

«ሰናይት!» ብሎ ተጣራ፣ የብርቄን ክንድ ገና ሳይለቅ። «ሻንጣሽን ያዢ። ጓድ፣ ይቺኛዋም ዘፈኑን ታውቀዋለች፤ እኔ ነኝ ያስጠናኋት።»

እንግዳው ሰናይትን ከላይ እስከ ታች አያት። «ቁመናዋም መልካም ነው» አለ።

ሰናይት ሻንጣዋን ይዛ ወደ ብርቄ መጣች። ክፉ ልጅ አልነበረችም። «ብርቅዬ፣ ምን ልበል? ቃሉን አላውቀውም እኮ።»

«የመጣልሽን በይ» አለቻት ብርቄ፣ የሰናይትን አንገት ልብስ እያስተካከለች። «እዚያ ከብት የለም።»

የእንግዳው መኪና አቧራውን አስነሥቶ ሲሄድ ብርቄ አላየችውም፤ ቀድማ ጉድጓዱ ውስጥ ገብታ ነበር። እኔም ከበሮ መቺውም ተከትለናት ወረድን። ውስጡ ቀዝቃዛ ነው፤ እርጥብ ድንጋይና ላብ ይሸታል። ባልዲው ከሥር ሲመጣ ክንድህን ይዞህ ይወጣል፣ ባዶው ሲወርድ ፊትህን በውሃ ይረጭሃል። ብርቄ ከኔ በታች ቆማ ዘፈኑን ያዘች። ጦር ሰፈሩ ላይም፣ ሻኪሶም፣ የትም የሰማሁት የሷ ድምፅ ያ ድምፅ አልነበረም። ከአንዱ ግድግዳ ወደ ሌላው እየተመላለሰ፣ ራሱን እየተቀበለ ወደ ላይ ይወጣል። ከላይ ከገንዳው የከብቱ አጠጣጥ ይሰማል፤ ረጅም፣ የማይቋረጥ፣ ዝናብ መሬት ሲገባ ያለ ዓይነት ድምፅ።

ጓድ ሥዩም በዚህ ሁሉ ጊዜ ጋቢናው ውስጥ ተቀምጦ ጥሩምባ ይነፋ ነበር። ሜጋ ሄዶ እራቱን መብላት ፈልጓል። የመኪናው ቁልፍ ኪሴ ውስጥ ነበር። ረጥቦ ነበር፤ ግን እዚያው ነበር።

ብርቄን ነገሌ ስንመለስ በስብሰባ አባረሯት፤ «ለመድረክ ክብር የላትም» ብለው። ይህን ያለው ጣሪያ ላይ የወጣው ሰው ነው። እሱ ግን በዚያ ትርዒት ስም ተሾመ፣ ከዚያም አዲስ አበባ ገባ። ሰናይትም እዚያ ዘፈኑን ከራሷ ቃል እየፈጠረች ዘፈነችው፤ በጣም አጨበጨቡላት። ኋላ ራሷ ስትነግረኝ «ሁለት ዓመት ሙሉ አንድ ኦሮምኛ የሚያውቅ ሰው ይነሣብኛል እያልኩ ስፈራ ኖርኩ» አለችኝ። ብርቄ ሜጋ ወርዳ ሻይና ፓስታ የምትሸጥበት ትንሽ ቤት ከፈተች። በጋው ሲጠና ዱብሉቅ ሄዳ ጉድጓድ ትገባለች፤ ባለ ከብቶቹ «የብርቄ ቀን ላይ ይሁንልን» እያሉ አባ ዋሪዮን ይለምኑ ነበር። በዚያ መንገድ ስመላለስ ቤቷ ሳልበላ አላልፍም። አንዴ፣ ደርግ የወደቀ ሰሞን፣ ይቆጭሽ ይሆን ብዬ ጠየቅኳት።

«ይቆጨኛል እንጂ!» አለችኝ ሳህኑን እየወለወለች። «አልቆጭም ብዬ ልዋሽህ? ግን ምን ላደርግ ነበር፣ ኑሬ?»

ባለፈው በጋ፣ መሪ መያዝ ስላቆምኩ፣ የልጄ ልጅ በሚኒባስ ሜጋ ወሰደኝ። ብርቄ አርጅታለች፤ ድምፅዋ ሻክሮ እንደ ወንድ ሆኗል፤ ጉልበቷም ጉድጓድ አይወርድም። ዱብሉቅን ልይ ስላት ቀስ እያልን ሄድን። ከአንዱ ኤላ አጠገብ የውሃ ሞተር ተክለዋል። አንድ ወጣት ገመዱን ጎተተና አስነሣው፤ ጭሱ ወጣ፣ ጩኸቱ ሜዳውን ሞላ። ኮረብታው ላይ የነበረው ከብት ሁሉ ጆሮውን አቆመና ወደ ገንዳው መውረድ ጀመረ። ውሃው ደርሶ ጠበቀው።

ብርቄ በከዘራዋ ተደግፋ ብዙ ጊዜ አየችው። «አየህ ኑርዬ» አለችኝ በመጨረሻ፣ «ሞተር እንኳ ውሃ ሳይኖር ከብት አይጠራም።»

ስለማን እንደተናገረች አላለችም። ያ ሰው ጣሪያ ላይ ከወጣበት ቀን ጀምሮ ስሙን ከአፏ ሰምቼው አላውቅም። እኔ እንግዲህ ንቀቴን እዚህ ቁጭ ብዬ ገጽ በገጽ ሞላሁበት፤ ወሬኛ ንቀት ነው የኔ። የሷን ንቀት አንድ ሞተር በቃው።